ፋይላችሁ ማን ጋ ነው? ከሰሜን ሸዋ ሆኖ የአሜሪካ ኢሚግሬሽንን ለማነጋገር የትኛው መንገድ ይሻላል

ደብረ ብርሃን ላይ አንድ ቡና ቤት ገብታችሁ ትንሽ ከቆያችሁ «ፕሮሰሱ የት ደረሰ?» የሚል ጥያቄ መስማታችሁ አይቀርም። መልሱም ብዙ ጊዜ ያው ነው። «እየጠበቅን ነው። ደውለን ነበር፣ ምንም አላሉንም።»

ማን ጋ ነው የደወላችሁት ስትሉ ግን መልሱ ይለያያል። አንዱ ኤምባሲ ይላል። ሌላው ኢሚግሬሽን ይላል። ሦስተኛዋ «እኔ ምን አውቃለሁ፣ ልጄ ናት የምትደውለው» ትላለች።

እኛም ቤት እንዲሁ ነበር። ጋሼ፣ ታላቅ ወንድሜ፣ ቨርጂኒያ ነው የሚኖረው። ዜግነት እንዳገኘ ለእማዬ አስገባላት። እማዬ ደብረ ሲና ናት። ማመልከቻው አፕሩቭ ሆነ ሲባል ጎረቤት ተጠርቶ ቡና ተፈላ። ከዚያ በኋላ ዝም። ጋሼ ከሥራ ሲወጣ ይደውላል፤ «ፋይሉ እኛ ጋ የለም» ይሉታል። እኔ ከዚህ ኤምባሲ እጽፋለሁ፤ «ገና አልደረሰንም» የሚል መልስ ይመጣል። ሰባት ወር እንዲህ ሄደ። ለካ ፋይሉ ሦስተኛ ቦታ ተቀምጦ እኛን ነው የሚጠብቀው።

ልደውል፣ ልጻፍ፣ ጠበቃ ልያዝ፣ የኮንግረስ ሰው ልጠይቅ የሚለው ምርጫ ሁሉ የሚመጣው ከአንድ ጥያቄ በኋላ ነው። ፋይሉ ዛሬ ማን እጅ ላይ ነው? ይህ ሳይታወቅ የሚደረግ ስልክ ሁሉ የሰው ደጅ ማንኳኳት ነው።

ቁጥሩን እዩት

የቤተሰብ ማመልከቻ በሦስት እጅ ያልፋል። መጀመሪያ የአሜሪካ የዜግነትና ኢሚግሬሽን አገልግሎት ጋ ነው፤ በምህጻሩ ዩኤስሲአይኤስ። አሜሪካ ያለው ዘመዳችሁ አይ-130 የሚባለውን ፎርም የሚያስገባው እዚያ ነው። ሲፈቀድ ወደ ብሔራዊ የቪዛ ማዕከል ይሄዳል፤ ሰው ኤንቪሲ ይለዋል። ኒው ሃምፕሸር ግዛት ውስጥ፣ ፖርትስመዝ ከተማ ነው ያለው። ወረቀቱ ሁሉ እዚያ ተሟልቶ ሲያበቃ ለኢንተርቪው አዲስ አበባ ወዳለው ኤምባሲ ይመጣል።

የመጀመሪያው በአገር ውስጥ ደኅንነት መሥሪያ ቤት ሥር ነው። ሁለተኛውና ሦስተኛው በውጭ ጉዳይ ሥር ናቸው። «እኛ ጋ የለም» ሲሏችሁ እየገፏችሁ አይደለም። እውነትም እነሱ ጋ የለም።

ታዲያ ፋይሉ የት እንዳለ እንዴት ይታወቃል? ከቁጥሩ ፊደል ይጀምራል። የዩኤስሲአይኤስ ደረሰኝ ቁጥር ሦስት የእንግሊዝኛ ፊደልና 10 አሃዝ አለው። በዚህ ዘመን ብዙው የሚጀምረው በ«አይኦኢ» ነው። የኤንቪሲ ኬዝ ቁጥርም ሦስት ፊደልና 10 አሃዝ ነው፤ ኢንተርቪው አዲስ አበባ ላይ ለሚደረግለት ግን በ«ኤዲዲ» ይጀምራል። ሁለቱ መልካቸው አንድ ስለሆነ ሰው ያምታታቸዋል። እኔም ወራት ሙሉ ኤምባሲ ስጽፍ የነበረው የዩኤስሲአይኤሱን ቁጥር ይዤ ነበር።

በእጃችሁ ያለው «አይኦኢ» ብቻ ከሆነ መጀመሪያ ዩኤስሲአይኤስ ድረ ገጽ ላይ አስገብታችሁ ሁኔታውን አንብቡ። አፕሩቭ ሆኖ ወደ ውጭ ጉዳይ ተልኳል የሚል ከሆነ እዚያ መደወሉን ተዉት። «ኤዲዲ» ካላችሁ ጥያቄው የኤንቪሲ ወይም የኤምባሲው ነው።

ዩኤስሲአይኤስ ጋ እያለ፦ ስልክ፣ ቻት ወይስ የኦንላይን ጥያቄ?

ሁኔታውን ማየት ለማንም ክፍት ነው። ደረሰኝ ቁጥሩ ያለው ሁሉ ደብረ ብርሃንም ሆነ መሐል ሜዳ ሆኖ በስልኩ ማየት ይችላል። ክፍያ የለውም። ስለ ፋይሉ መጠየቅ ግን ሌላ ነገር ነው። ጥያቄ የማቅረብ መብት ያለው አስገቢው ነው፣ ወይም በሕግ የተወከለ ጠበቃው። እማዬ ደውላ «የእኔ ነገር እንዴት ነው?» ብትል አይነግሯትም። ስለዚህ ከዚህ በታች ያለውን አሜሪካ ላለው ሰው አንብቡለት፣ ወይም ላኩለት።

ስልኩ 1-800-375-5283 ነው። ይህ ነጻ መስመር አሜሪካ ውስጥ ላለ ሰው ነው። ከአገር ውጭ ላለ አስገቢ 212-620-3418 አለ፤ ይኸኛው እንደማንኛውም የውጭ ጥሪ ሒሳብ ይበላል። ሰው የሚያነሳው ከሰኞ እስከ ዓርብ፣ በምሥራቅ አሜሪካ ሰዓት ከጠዋቱ 8 እስከ ምሽቱ 8 ነው። በእኛ አቆጣጠር በበጋቸው ከቀኑ 9 ሰዓት እስከ ሌሊቱ 9 ሰዓት ማለት ነው። ከጥቅምት መጨረሻ ገደማ እስከ የካቲት መጨረሻ ገደማ ደግሞ ከ10 እስከ 10 ይሆናል። ጠዋት ተነስተው ሲደውሉ «ስልኩ አይሠራም» የሚሉ ሰዎች አይቻለሁ። ስልኩ ደህና ነው፣ እዚያ ሌሊት ስለሆነ ነው።

መጀመሪያ የሚያነሳው ማሽን ነው። ሰው ዘንድ ከደረሳችሁም የመጀመሪያው ሰው የሚያነብላችሁ ድረ ገጹ ላይ ያለውን ነው። ከዚያ ለጠለቀ ጥያቄ ከፍ ያለ ኦፊሰር መልሶ እንዲደውል ይመዘግባል። መልሶ የሚደወለው ቁጥር የማይታወቅ ሊሆን ይችላል። ጋሼ አንዱን ጥሪ «ማስታወቂያ ነው» ብሎ ሳያነሳ አልፎታል። እንደገና ለመመዝገብ ከዜሮ ጀመረ።

ስልክ የሚያዋጣው መቼ ነው? አስቸኳይ ነገር ሲኖር፣ ኦንላይን አካውንት ሲቆለፍ፣ ወይም ቀጠሮ ላይ ችግር ሲፈጠር። «የት ደረሰ?» ለማለት ብቻ ከሆነ ግን አይረባም። ሁለት ሰዓት ጠብቃችሁ በድረ ገጹ ያነበባችሁትን ትሰማላችሁ።

ቻቱ ላይ የምታነጋግራችሁ ኤማ የምትባል ማሽን ናት። በእንግሊዝኛና በስፓኒሽ ነው የምትሠራው። ለአጠቃላይ ጥያቄ አትከፋም፤ እንዲህ ያለውን ፎርም የት አገኛለሁ ለማለት። ስለ ራሳችሁ ፋይል ከሆነ ሰው እንዲገባበት ጠይቋት።

እኔ ከሁሉ የምመርጠው በጽሑፍ የሚቀርበውን ጥያቄ ነው። ዩኤስሲአይኤስ ድረ ገጹ ላይ ኢ-ሪኩዌስት የሚባል ገጽ አለው። እዚያ ለመጠየቅ ምክንያታችሁ ከተዘረዘሩት አንዱ መሆን አለበት። ፋይሉ ከተለመደው ጊዜ አልፏል፣ ደብዳቤ ተልኳል ተብሎ አልደረሰም፣ ካርዱ አልመጣም፣ በላኩት ወረቀት ላይ የፊደል ስህተት አለ የሚሉት ይገኙበታል። ስትልኩ የጥያቄ መለያ ቁጥር ይሰጣችኋል። እሱን ጻፉት። በኋላ ጠበቃም ሆነ የኮንግረስ ቢሮ «ጠይቃችሁ ነበር?» ሲል መልሱ ያ ቁጥር ነው። በስልክ የተነገረ ነገር ግን ማስረጃ የለውም።

«ከተለመደው ጊዜ አልፏል» የሚለውን ለመጠቀም መጀመሪያ የመጠበቂያ ጊዜ የሚያሳየውን ገጽ ክፈቱ። የፎርሙን ዓይነትና ያስገባችሁበትን ቀን ስትሰጡት መጠየቅ ትችሉ እንደሆነ ይነግራችኋል። ገና ከሆነ ከመቼ ጀምሮ መጠየቅ እንደምትችሉ ቀኑን ያወጣል። ያን ቀን የግድግዳ ካላንደር ላይ ምልክት አድርጉበትና እስከዚያ ዕረፉ። ከዚያ በፊት ሃያ ጊዜ መጠየቅ ፋይሉን አያፈጥነውም።

አስገቢው «ማይ ዩኤስሲአይኤስ» የሚባለው የኦንላይን አካውንት ካለው ደግሞ ከውስጥ መልእክት መላክ ይችላል። በወረቀት ያስገባም ቢሆን አካውንት ከፍቶ ደረሰኝ ቁጥሩን በመጨመር ታሪኩን መከታተል ይችላል። አድራሻ ከቀየረ እዚያው ያሳውቅ፤ ዜጋ ላልሆነ ሰው ሕጉ የሚሰጠው 10 ቀን ነው። ስንቱ ዘመዳችን ነው ሲልቨር ስፕሪንግ አፓርታማ ለውጦ ደብዳቤው የድሮ በር ላይ የቀረ።

ተጨማሪ ማስረጃ የሚጠይቅ ደብዳቤ ከመጣ ግን የመገናኛ መንገድ ማማረጡን ተዉት። ጊዜው እየሄደ ነው። መጨረሻ ቀኑ ደብዳቤው ላይ ተጽፏል። የተጠየቀውን ሁሉ በአንድ ጊዜ ላኩ። በአማርኛ የተጻፈ ወረቀት ሁሉ ተርጓሚው ችሎታውንና የትርጉሙን ትክክለኛነት አረጋግጦ የፈረመበት የእንግሊዝኛ ትርጉም ይፈልጋል።

ስምና ቀን

ይህን ለብቻው የማነሳው የእኛን ሰው በጣም ስለሚያደክም ነው። እማዬ ፀዳለ ናት። አንዱ ወረቀት ላይ ስሟ በ«ቲ» ይጀምራል፣ ሌላው ላይ በ«ኤስ»። ለእኛ አንድ ሰው ናት። ለኮምፒውተሩ ሁለት ሰው ናት።

የልደት ቀኗ ደግሞ ጥር 1944 ነው፣ በእኛ። በእነሱ 1952 ነው የሚሆነው። የሞላላት ሰው ቀኑን ሳይቀይር 1944 ብሎ አስቀመጠው። በአንድ ፎርም ላይ እናቴ ስምንት ዓመት አረጀች።

ስህተቱን የሠሩት እነሱ ከሆኑ ኢ-ሪኩዌስት ላይ የፊደል ስህተት የሚለውን ምረጡ። ስህተቱ የራሳችሁ ከሆነ ግን ያ መንገድ አይደለም። ትክክለኛውን ማስረጃ ይዞ በአካውንቱ መልእክት መጻፍ ነው። ፋይሉ ኤንቪሲ ከደረሰ ደግሞ ዲኤስ-260 በሚባለው የቪዛ ማመልከቻ ፎርም ላይ ትክክለኛውን ሙሉ፤ ልዩነቱን ኢንተርቪው ላይ በግልጽ ተናገሩ። ተደብቆ የተገኘ ትንሽ ስህተት ከተነገረ ትልቅ ስህተት ይከፋል።

ኤንቪሲ፦ ብዙ ፋይል የሚተኛበት

እኛ ሰባት ወር ያጣነው እዚህ ነው። ስለዚህ እዚህ ላይ ረጋ እላለሁ።

ኤንቪሲ ፋይሉን ሲከፍት በኢሜይል የእንኳን ደህና መጣችሁ ደብዳቤ ይልካል። ደብዳቤው ላይ ሁለት ቁጥር አለ። አንዱ «ኤዲዲ» ብሎ የሚጀምረው የኬዝ ቁጥር፣ ሁለተኛው የኢንቮይስ ቁጥር። ሁለቱን ይዛችሁ ነው ሲኢኤሲ የሚባለው ገጽ ላይ የምትገቡት። እዚያ ነው ክፍያ የሚከፈለው፣ ፎርም የሚሞላው፣ የስፖንሰር ወረቀትና የልደት ማስረጃ የሚጫነው። እናንተ ካልገባችሁ ፋይሉ ንቅንቅ አይልም። ማንም ደውሎ አይቀሰቅሳችሁም።

የእኛ ደብዳቤ ሁለት ቦታ ተልኳል። አንዱ ጋሼ ፎርሙ ላይ የጻፈው የድሮ ኢሜይል ነው፤ መጠቀም ካቆመ ቆይቷል። ሌላው የእማዬ ኢሜይል ነው። የእማዬን ኢሜይል የከፈተላት አንድ ኢንተርኔት ቤት የሚሠራ ልጅ ነበር። ፓስወርዱን የሚያውቀው እሱ ብቻ ነው። ልጁ ከተማውን ለቅቆ ሄዷል። የእናቴ የአሜሪካ መንገድ የአንድ ልጅ ጭንቅላት ውስጥ ተቆልፎ ቀረ።

ያወጣን የኤንቪሲ የጥያቄ ቅጽ ነው፤ ድረ ገጹ ላይ «አስክ ኤንቪሲ» ይባላል። አስገቢውም የገባለትም ሰው መጠቀም ይችላሉ። ከዩኤስሲአይኤስ የሚለይበት አንዱ ትልቅ ነገር ይህ ነው፤ ደብረ ብርሃን የተቀመጠው ሰው ራሱ መጻፍ ይችላል። የኬዝ ቁጥር ባይኖራችሁም በዩኤስሲአይኤስ ደረሰኝ ቁጥር መጠየቅ ይቻላል። እኛ የጻፍነው እንግሊዝኛ አምስት መስመር አይሞላም። የአስገቢው ሙሉ ስምና የልደት ቀን፣ የእማዬ ሙሉ ስምና የልደት ቀን፣ የደረሰኙ ቁጥር፣ ከዚያ አንድ ጥያቄ፦ ደብዳቤው የሄደበት ኢሜይል አይሠራም፣ በዚህ አዲስ ኢሜይል ይተካልንና የኬዝና የኢንቮይስ ቁጥሩ ይላክልን። አለቀ። የእማዬን ናፍቆት፣ የጋሼን ድካም አልጻፍንም። ልባችን ሞልቶ ነበር፣ ግን ፋይል የሚያገኘው ሰው የሚፈልገው ስምና ቁጥር ነው።

መልስ ጊዜ ይወስዳል። ኤንቪሲ የየትኛውን ቀን ጥያቄ እየመለሰ እንደሆነ በየጊዜው የሚያድስበት ገጽ አለው። እሱን ማየት ይሻላል እንጂ ያንኑ ጥያቄ በየሳምንቱ አትላኩ።

አሁን ደግሞ በጣም የምትጠነቀቁለት ነገር። ኤንቪሲ ካሳወቃችሁ በኋላ አንድ ዓመት ሙሉ ምንም ካላደረጋችሁ ፋይሉ ሊዘጋ ይችላል። ሕግ ነው። ሲኢኤሲ ላይ በመግባት ወይም በመጻፍ በዓመት ቢያንስ አንድ ጊዜ መኖራችሁን አሳዩ። ፋይሉ ቢዘጋ ደግሞ ያ የመጀመሪያው ማሳወቂያ ከደረሰበት በሁለት ዓመት ውስጥ፣ የዘገየነው ከአቅማችን በላይ በሆነ ምክንያት ነው ብላችሁ ካስረዳችሁ ሊከፈት ይችላል። ይህ ለእኛ አካባቢ ሰው ትልቅ ነገር ነው። በ2015 ክረምት ክልሉ ላይ የሞባይል ዳታ ሲቋረጥ ለወራት አልተመለሰም። ያኔ ፋይላቸው ኤንቪሲ የነበረ ሰዎች ኢሜይል የሚባል ነገር ማየት አልቻሉም። እንዲህ ያለ ነገር የገጠማችሁ ከሆነ ቀኑን፣ ቦታውን ጽፋችሁ በማስረጃ አቅርቡት።

ለወንድም ወይም ለእህት የገባ ከሆነ ነገሩ ሌላ ነው። ለዚህ ምድብ በዓመት የተመደበው 65,000 ቪዛ ነው፣ ለዓለም ሁሉ። ተራው በየወሩ በሚወጣው የቪዛ ቡለቲን ይታያል። በስልክ፣ በጠበቃ፣ በሴናተር የሚፈጥን ተራ የለም። ቡለቲኑን እያዩ መጠበቅ ብቻ ነው። ለዜጋ ወላጅ፣ ለትዳር ጓደኛና ከ21 ዓመት በታች ላለ ያላገባ ልጅ ግን ኮታ የለም። ጋሼ ለእማዬ ያስገባው ማመልከቻ ታናሽ እህታችንን አብሮ እንደማያመጣት ያወቅነውም በኋላ ነው። የወላጅ ማመልከቻ ሌላ ልጅ አያስከትልም፤ ለእያንዳንዱ ሰው ለየብቻው መግባት አለበት።

የጤና አጣዳፊ ነገር ካለ ማፋጠኛ መጠየቅ ይቻላል። ዩኤስሲአይኤስ ጋም ኤንቪሲ ጋም ይህ በር አለ። የሚያዳምጡት ግን ወረቀት ነው። ከሐኪም የተጻፈ፣ ቀንና ማህተም ያለው ደብዳቤ ይኑራችሁ። «እናቴ አርጅታለች» ብቻ አይበቃም፤ እውነት ቢሆንም።

ኤምባሲው

ከደብረ ብርሃን አዲስ አበባ 130 ኪሎ ሜትር ነው፣ ከደብረ ሲና 190። ሌሊት ተነስቶ፣ ብርዱን ችሎ፣ ያለቀጠሮ እንጦጦ መንገድ ላይ ያለው የኤምባሲ በር ላይ መቆም ምንም አያመጣም። ዘበኛው የሚያውቀው የቀጠሮ ወረቀትን ነው። የታክሲውንና የአልጋውን ብር አስቀምጡት፤ ለሕክምና ምርመራው ይጠቅማችኋል።

ጥያቄያችሁን ኤምባሲው ድረ ገጹ ላይ ባስቀመጠው መንገድ ጻፉ። ርዕሱ ላይ የ«ኤዲዲ» ቁጥሩን አስቀድሙ። ኤምባሲው ስለ ፋይል የሚያወራው ኤንቪሲ ካስተላለፈለት በኋላ ነው።

ሁለት ጊዜ ላይ ግን ከኤምባሲ ውጭ ማንም አይረዳችሁም። አንደኛው መንገድ ሲዘጋ ነው። የጣርማ በር መንገድ ወይም ከዚያ በታች ያለው ተዘግቶ ቀጠሮ ልታልፉ ከሆነ፣ ቀኑ ሳያልፍ ጻፉ። አንድ ቀን ቀድሞ የተጻፈ ከሳምንት በኋላ ከተጻፈ ይቅርታ ይበልጣል። ሁለተኛው ኢንተርቪው ላይ ቪዛ ሳይሰጣችሁ ተጨማሪ ወረቀት የሚጠይቅ፣ 221ጂ የሚል ቁጥር ያለበት ወረቀት ሲሰጣችሁ ነው። ተከልክያለሁ ብሎ አንገት ደፍቶ የሚመለስ ሰው አለ። የተጠየቀውን ለማምጣት ከዚያ ቀን ጀምሮ አንድ ዓመት አላችሁ። ወረቀቱ ላይ የተጻፈውን አንብቡ፣ የማታነቡ ከሆነ ለሚያነብ ልጅ ስጡ፣ ያንኑ አሟሉ።

የኮንግረስ ቢሮ ወይስ ጠበቃ?

ከእኛ ሰው ብዙው የማያውቀው ይህን ነው። አሜሪካ የሚኖር ሰው የአካባቢው የሕዝብ እንደራሴና ሁለት ሴናተሮች አሉት። ዋሽንግተን ዲሲ የሚኖር ሴናተር ባይኖረውም ተወካይ አለው። ቢሮዎቻቸው ከመንግሥት መሥሪያ ቤት ጋር የተቸገረ ነዋሪን የሚረዱ ሠራተኞች አሏቸው። ሥራቸው ነው። ገንዘብ አይከፈልበትም።

አስገቢው የግል መረጃ መልቀቂያ ፈቃድ የሚባል ፎርም ፈርሞ ይልካል። ቢሮው ስለ ፋይሉ ዩኤስሲአይኤስን፣ ኤንቪሲን ወይም ኤምባሲውን ይጠይቃል። ውሳኔ አያስለውጥም፤ የተረሳ ፋይል ግን ያስነሳል፣ መልስም ያመጣል። ጋሼን ምነው ቀድመህ አልሄድክም ስለው «ሴናተር ለእኔ ምን ቆርጦት?» ነው ያለኝ። እዚህ ያደገ ሰው ባለሥልጣን ደጅ መሄድ ያስፈራዋል። እዚያ ግን አስተዳደሩ እንዲህ ነው የተሠራው። የሚጠይቁት «በራሳችሁ ሞክራችኋል?» ብለው ነው። ያ የኢ-ሪኩዌስት ቁጥር እዚህ ያስፈልጋል።

ጠበቃስ? ፋይሉ ንጹሕ ሆኖ የዘገየ ብቻ ከሆነ እኔ ኮንግረስ ቢሮን አስቀድማለሁ። ጠበቃ የሚያዘው ሌላ ነገር ሲኖር ነው። ውድቅ ሊደረግ ነው ወይም ተደርጓል የሚል ደብዳቤ ከመጣ፣ ድሮ በዲቪ ወይም በሌላ ማመልከቻ ላይ ያልሆነ ነገር ተጽፎ ከነበረ፣ የወንጀል መዝገብ ካለ፣ ወይም ዓመታት አልፈው ማንም መልስ ካልሰጠ። የይግባኝ ጊዜ አጭር ነው፤ ደብዳቤው በመጣበት ሳምንት ሰው አማክሩ። የጠበቃ ዋጋ የሚከብድ ከሆነ ፍትሕ ሚኒስቴራቸው እውቅና የሰጣቸው ተወካዮች ያሏቸው በጎ አድራጎት ድርጅቶች አሉ። ስም ዝርዝራቸው በይፋ ይገኛል።

«ውስጥ ሰው አለኝ»

ይህን ያለ ሰው ፊት አትቀመጡ።

ፎርም የሚሞላ፣ ፎቶ የሚያነሳ፣ ወረቀት ስካን የሚያደርግ ሰው ሠርቶ አዳሪ ነው። ለሠራው ክፈሉት፣ አመስግኑት። ነገር ግን ኢሜይሉን የምትከፍቱት እናንተ ናችሁ፣ በራሳችሁ ስልክ ቁጥር። ፓስወርዱን ጣታችሁ ይጻፈው። «እኔ ጋ ይቀመጥ፣ ብትረሱትስ» ቢል እሺ አትበሉ።

ፋይል አፋጥናለሁ ብሎ በቴሌብር የሚጠይቅ ሰው ኢሚግሬሽን አይደለም። የአሜሪካ መንግሥት ኢሜይል በ«ዶት ጎቭ» ነው የሚያልቀው። በዋትስአፕና በቴሌግራም ኬዝ የሚከታተል ኦፊሰር የለም። ዲቪም እንዲሁ ነው። ዲቪ እንደደረሳችሁ በኢሜይል አያሳውቁም፤ በማረጋገጫ ቁጥሩ ራሳችሁ ድረ ገጹ ላይ ታያላችሁ። የዲቪ ቁጥር ዓመተ ምሕረቱን ይዞ «ኤኤፍ» የሚል አለው። እሱን ይዛችሁ ዩኤስሲአይኤስ ብትደውሉ ፋይሉ እዚያ የለም፤ ደብረ ብርሃን ላለ ሰው የሚጠየቀው ኬንታኪ ያለው የቆንስላ ማዕከል ነው። ጊዜውም አይጠብቅም፤ በጀት ዓመታቸው መስከረም 30 በእነሱ አቆጣጠር ሲዘጋ ያልተሰጠ የዲቪ ቪዛ አብሮ ይቀራል።

እኛ ቤት አሁን እንዴት ነው የምንሠራው

አንድ ባለ 32 ገጽ ደብተር አለን። ሽፋኑ ላይ ሁለቱ ቁጥሮች በትልቁ ተጽፈዋል፤ «አይኦኢ» ከላይ፣ «ኤዲዲ» ከታች። ከውስጥ ቀን፣ ማን ጋ እንደተጻፈ፣ ምን እንደተጠየቀ፣ ምን እንደተመለሰ። ቀኑ በሁለቱም አቆጣጠር ነው።

የእያንዳንዱ ገጽ ፎቶ ጋሼ ስልክ ላይ አለ። ፓስወርዱም እሱ ጋ ታሽጎ አለ። ዳታ እዚህ ቢቋረጥ እሱ ከቨርጂኒያ ይገባል። እሱ ሥራ ቢበዛበት እኔ ከደብረ ብርሃን እገባለሁ። ደብተሩ ራሱ ደብረ ሲና ነው፣ የእማዬ ሣጥን ውስጥ፣ ከነጠላዋ ሥር። ስደውልላት መጀመሪያ የምትነግረኝ እሱን ነው። «ልጄ፣ ኤዲዲው ደህና ነው፣ አይቼዋለሁ።»